ቄሱን የቀጠሩት ሸማኔዎች

ከገንዘቡ እንጀምር። በ1800ዎቹ መጀመሪያ አንዲት የስኮትላንድ የሸማኔዎች ከተማ አዲስ ቄስ አግኝታለች እንበል። ልጁ ሃያ አራት ወይም ሃያ አምስት ዓመቱ ነው። ትምህርቱን ከጨረሰ ብዙም አልቆየም፣ ጥቁር ካባውም ገና አላረጀም። ከተማዋ ግን ሰላም የላትም። ለሸማኔው የሚከፈለው ዋጋ ተቆርጧል፣ ማታ ማታ ስብሰባ አለ፣ ወታደር ሊመጣ ነው የሚል ወሬ ከቤት ቤት ይዞራል። ይሄ ልጅ ምን ማድረግ ይችላል? (ቀኖቹንና ዓመቶቹን ሁሉ የምጽፈው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።)

ብዙ ሰው ወዲያው የሚመጣለት መልስ "መድረክ ላይ ወጥቶ ይገሥጻቸዋል፣ እነሱም አንገታቸውን ደፍተው ይሰሙታል" የሚል ነው። ሌላው ደግሞ በተቃራኒው ከፊት ሆኖ ሲመራቸው ይታየዋል። ታሪኩ ግን እንዲህ ቀላል አልነበረም። ነገሩ የሚፈታው "ለዚህ ቄስ ደመወዝ የሚከፍለው ማን ነው?" ብለን ስንጠይቅ ነው። የሚከፍሉት እነዚያው ሸማኔዎች ናቸው። የመረጡትም እነሱ ናቸው። ካኮረፉም ሊያስርቡት ይችላሉ።

እንዴት እዚህ ደረሱ? የስኮትላንድ ዋናዋ ቤተ ክርስቲያን ፕሬስቢቴሪያን ናት፣ ጳጳስ የላትም። አጥቢያውን ቄሱና ሽማግሌዎቹ አብረው ተቀምጠው ይመሩታል። ከነሱ በላይ ፕሬስቢቴሪ የሚባል የአካባቢው ጉባኤ አለ፣ ከሱም በላይ ሌላ ጉባኤ አለ፣ ጫፉ ላይ ደግሞ በየዓመቱ ኤድንብራ ላይ የሚቀመጠው ጠቅላላ ጉባኤ አለ። ወረቀት ላይ ሲያዩት ሕዝባዊ ነገር ነው። ግን አንድ እሾህ ነበረው። በ1712 የለንደኑ ፓርላማ ቄስ የማጨት መብትን ለባላባቶችና ለዘውዱ መለሰ። ባላባቱ ያጨውን ሰው ምእመኑ ቢጠላውም ተቀበል ይባላል። በአንዳንድ አጥቢያ ሕዝቡ በር ዘግቶ አዲሱ ቄስ በወታደር ታጅቦ እስከመግባት ተደርሷል።

በ1732 ኤቤኔዘር ኤርስኪን የሚባል የስተርሊንግ ቄስ ይህን ነገር በስብከቱ ፊት ለፊት ተቃወመ። ገሠጹት፣ አልመለስም አለ። በሚቀጥለው ዓመት ታኅሣሥ ላይ እሱና ሦስት ጓደኞቹ ኪንሮስ አጠገብ ጌርኒ ብሪጅ በምትባል ቦታ ተሰብስበው የራሳቸውን ፕሬስቢቴሪ አቋቋሙ። ከዚያ በኋላ "ሴሴደር" ማለት ተገንጣይ የሚባሉት እነዚህና ተከታዮቻቸው ናቸው። አራት ሰው የጀመረው ነገር በአንድ ትውልድ ውስጥ በመላው ደቡብና ምሥራቅ ስኮትላንድ ተዛመተ።

ከተከተሏቸው ሰዎች መካከል ሸማኔው በብዛት ይገኛል። ጫማ ሰፊ፣ ብረት ሠሪ፣ ትንሽ ገበሬም አለበት፣ ግን ሽመና ባለበት ከተማ ሁሉ የሴሴደር ቤት አይጠፋም። ለምን ቢባል፣ ገበሬው በባላባቱ መሬት ላይ ስለሚኖር ባላባቱ ያመጣውን ቄስ ጥሎ መሄድ ያስፈራዋል። ሸማኔው ግን በቤቱ ተቀምጦ በራሱ እጅ ሠርቶ የሚበላ ሰው ነው። እሱን ከቤተ ክርስቲያን ወንበር ላይ የሚያስነሳው ባላባት የለም።

ነፃነቱ ግን ወጪ አለው። ዋናዋ ቤተ ክርስቲያን ቄሷን የምታኖረው ከጥንት ጀምሮ በመሬት ላይ በተጣለ ግብር ነው። ሴሴደሮቹ ይሄ የላቸውም። ሕንፃውን ራሳቸው ይሠራሉ፣ የቄሱንም ቤት ያዘጋጃሉ። ደመወዙ የሚወጣው ከየእሑዱ መዋጮና ከወንበር ኪራይ ነው። አዎ፣ ወንበር ይከራያል፤ ቤተሰቡ የሚቀመጥበትን አግዳሚ በዓመት ይህን ያህል ብሎ ይይዛል። ስለዚህ ጨርቅ ገበያ ላይ ሲወድቅ ሸማኔው የወንበሩን ኪራይ ያስተላልፋል፣ የቄሱም ደመወዝ ይዘገያል። ቄሱም ሸማኔውም የሚበሉት ከአንድ ሽመና ነው። ከዩኒቨርሲቲ የመጣው ልጅ ይህን ለማወቅ የኢኮኖሚ መጽሐፍ አያስፈልገውም፣ ገንዘብ ያዡ ፊቱን ሲያዞርበት ይገባዋል።

አቀጣጠሩም ቀልድ አልነበረም። እጩው መጀመሪያ የዩኒቨርሲቲ ትምህርት፣ ቀጥሎ የነገረ መለኮት ትምህርት ይጨርስና የመስበክ ፈቃድ ያገኛል። ከዚያ ቄስ ወደሌላቸው ከተሞች እየዞረ ይሰብካል። ምእመኑ ደግሞ ያዳምጣል፣ ያወዳድራል፣ ይከራከራል። ድምፅ ይሰጣል። የተመረጠው ሰው በፊርማ የተሞላ የጥሪ ደብዳቤ ይላክለትና ፕሬስቢቴሪው ፈትኖ ይሾመዋል። ከሁሉ የሚጠላው ስብከቱን ከወረቀት የሚያነብ ሰው ነበር። መንፈስ ቅዱስ በወረቀት አይመጣም ባዮች ናቸው። ረጅሙን ስብከት በቃሉ ይዞ ሳይደናቀፍ ካልወረደው ጥሪውን ይርሳው። ስብከቱ ሲያልቅም አላበቃም፤ ሰኞ ጠዋት በየሸማኔው ቤት ነጥብ በነጥብ ይተነተናል።

እዚህ ላይ ስለ ሰዎቹ ጠባይ ትንሽ ልበል፣ ምክንያቱም ያለዚያ የቄሱ ጭንቀት አይገባም። እነዚህ ሰዎች በሃይማኖት ነገር አይነኬ ናቸው። ኦርጋን የለም፣ የሚዘመረው መዝሙረ ዳዊት ብቻ ነው፣ እሱንም አንድ ሰው ከፊት ቆሞ ያወጣዋል። የገናን በዓል አያከብሩም። ቅዱስ ቁርባን የሚሰጠው በዓመት አንዴ ወይም ሁለቴ ሲሆን ለመቀበል የተፈቀደለት ሰው አስቀድሞ ከእርሳስ ብረት የተሠራች ትንሽ ምልክት ትሰጠዋለች፤ ምልክት የሌለው ማዕዱ ላይ አይቀመጥም። ሽማግሌዎቹ የሰከረውን፣ የተጣላውን፣ ያለ ጋብቻ ያረገዘችውን ጠርተው ይመረምራሉ። ምርመራውም በመዝገብ ይጻፋል።

መገንጠልም ለመዱ። በ1747 አንዳንድ ከተሞች ለነጋዴና ለባለሙያ በሚያስምሉት መሐላ ምክንያት ለሁለት ተከፈሉ፤ መሐላው ውስጥ ስለ ሃይማኖት የገባችውን ሐረግ አንዱ ወገን "ብንምል ችግር የለውም" አለ፣ ሌላው "ክህደት ነው" አለ። ከዚያ እያንዳንዱ ወገን በተራው እንደገና ተሰነጠቀ፣ አንዱ በ1799፣ ሌላው በ1806። አሁን የተጣሉት በትልቅ ጥያቄ ላይ ነው፦ መንግሥት በሥልጣኑ እውነተኛውን ሃይማኖት ማስከበር አለበት ወይስ ነገሩን ለሰው ሕሊና ይተወው? አያቶቻችን በ1638 እና በ1643 ሃይማኖታቸውን ለመጠበቅ የገቡት ቃል ኪዳን እኛን ያስረናል ወይስ አያስረንም? ለሕሊና ይተው ያሉት "አዲስ ብርሃን" ተባሉ። የለም፣ የአባቶቻችን ቃል አይነካም ያሉት ደግሞ "የድሮ ብርሃን"። የሚገርመው የድሮ ብርሃኖቹ መንግሥት ሃይማኖትን ይደግፍ እያሉ የሚከራከሩት መንግሥት ራሱ አንድ ሳንቲም ሳይሰጣቸው መሆኑ ነው።

ይሄ ሁሉ ከውጭ ሲታይ የከንቱ ክርክር ይመስላል። እኔ ግን እንደዚያ አላየውም። አንድ ሸማኔ በቤተ ክርስቲያኑ ቃለ ጉባኤ መያዝ፣ ተወካይ መምረጥ፣ ሒሳብ መመርመር፣ ከተማረ ሰው ጋር አንቀጽ ጠቅሶ መሟገት ተምሯል። ባላባቱ ያመጣውን ቄስ አልፈልግም ማለትን ከአባቱ ወርሷል። ይህ ሰው ነጋዴው ዋጋ ሲቆርጥበት ዝም ይላል ብሎ መጠበቅ የዋህነት ነው።

ወደ ሽመናው እንምጣ። በአንገስ አውራጃ፣ እነ ኪሪሚዩርና ፎርፋር አካባቢ፣ የሚሠራው ወፍራም የተልባ እግር ጨርቅ ነበር። በምዕራብ ደግሞ ፔዝሊና ግላስጎው ዙሪያ ስስ የጥጥ ጨርቅና ሐር፣ በኋላም ዝነኛው የፔዝሊ ሻል። መሣሪያው ቤት ውስጥ ነው፣ ብዙ ጊዜ የአፈር ወለል ባለው እርጥብ ክፍል፣ ክሩ እንዳይደርቅና እንዳይበጠስ። ባልየው ይሸምናል፣ ሚስትና ልጆች ማግ ያጠነጥናሉ። ክሩን የሚያመጣው ነጋዴው ወይም ወኪሉ ነው። ሸማኔው ሠርቶ ይመልሳል፣ በጨርቁ ልክ ይከፈለዋል፣ እንከን ከተገኘ ይቆረጥበታል። አለቃ ከጀርባው አይቆምም። ሲፈልግ ይነሳል፣ መጽሐፍ መሣሪያው ላይ አስደግፎ ያነባል፣ ከጎረቤቱ ጋር ያወራል። ፔዝሊ በዚህ የተነሳ በገጣሚ ሸማኔ የታወቀች ነበረች። ከነሱ አንዱ አሌክሳንደር ዊልሰን አንድን የፋብሪካ ባለቤት በግጥም ሰድቦ ታሰረ፣ ግጥሙንም በአደባባይ በገዛ እጁ እንዲያቃጥል ተፈረደበት። በ1794 አሜሪካ ገባና የአገሪቱን ወፎች በማጥናት ስሙ ተነሳ።

በ1700ዎቹ መጨረሻ ሸማኔው ደህና ይኖር ነበር። ከዚያ ዋጋው ወደቀ፣ በጥቂት አሥርት ዓመታት ውስጥ ገቢው ከግማሽ በታች ወረደ። ሰው ሁሉ ጥፋቱን በእንፋሎት ማሽን ላይ ያላክካል፣ ማሽኑ ግን ዘግይቶ ነው የመጣው፤ በተለይ በተልባ እግር ጨርቅ። የመጀመሪያው ችግር ሙያው አጥር ስላልነበረው ነው። ቀለል ያለውን ሽመና በጥቂት ወራት መልመድ ይቻላል። ከናፖሊዮን ጦርነት የተመለሰው ወታደር፣ ከአየርላንድ የመጣው ድሃ፣ ከደጋው የተፈናቀለው ገበሬ ሁሉም ወደ ሽመና ገባ። በ1838 በስኮትላንድ ከ80,000 በላይ የእጅ መሸመኛ ነበር። ነጋዴው "በዚህ ዋጋ ካልሠራህ ሌላ አለ" ማለት ይችላል፣ እውነቱንም ነው። ማሽኑ የመጣው የተዳከመውን ለመጨረስ ነው።

ሸማኔዎቹ እጃቸውን አጣጥፈው አልተቀመጡም። ፌንዊክ በምትባል የኤርሸር መንደር ያሉት በ1761 ማኅበር መሠረቱ፤ በ1769 ደግሞ በጋራ ገንዘብ የአጃ ዱቄት በጅምላ እየገዙ ለአባላቱ ማከፋፈል ጀመሩ። ዛሬ ብዙዎች የመጀመሪያው የሸማቾች ኅብረት ሥራ ይሉታል። በ1787 ደግሞ ግላስጎው ጫፍ ያለችው የካልተን ሸማኔዎች ዋጋ ሲቆረጥባቸው ሥራ አቆሙ፣ ወታደር ተኮሰባቸው፣ ሰው ሞተ።

እኔን ከሁሉ የሚገርመኝ ግን የ1812ቱ ነው። ሸማኔዎቹ በየወረዳው ተወካይ መርጠው አንድ ትልቅ ማኅበር አደራጁ። ለነጋዴዎቹ የዋጋ ሠንጠረዥ አቀረቡ፣ እምቢ ተባሉ። ድንጋይ አላነሱም፣ ጠበቃ ቀጠሩ። የሰላም ዳኞች የሚባሉት የአካባቢ ዳኞች ደመወዝ መወሰን ይችላሉ የሚል አሮጌ ሕግ ነበርና በሱ ከሰሱ። ከፍተኛው ፍርድ ቤት ዳኞቹ ሥልጣን አላቸው አለ። ዳኞቹም መርምረው የጠየቁት ዋጋ ተገቢ ነው አሉ። ነጋዴዎቹ ግን አንከፍልም አሉ፣ የሚያስገድዳቸውም አልተገኘ። ያን ጊዜ ነው ሸማኔዎቹ ሥራ ያቆሙት። ከአበርዲን እስከ ካርላይል 40,000 ያህል መሸመኛ ጸጥ አለ ይባላል፣ ሁለት ወር ገደማ። መጨረሻው? መሪዎቹ በሕገ ወጥ ማኅበር ተከሰው ታሰሩ፣ ከአራት ወር እስከ አሥራ ስምንት ወር። በ1813 ፓርላማው ያንን አሮጌ ሕግ ሰረዘው። ሕጉን ተከትለው ፍርድ ቤት የረቱ ሰዎች እስር ቤት ገቡ፣ የረቱበት ሕግም ጠፋ።

ከዚህ በኋላ ለወጣቱ ቄስ "በሕግ ኑሩ" ብሎ መስበክ ምን ያህል ከባድ እንደሚሆን አስቡት። ሮሜ ምዕራፍ 13ን ከፍቶ "ነፍስ ሁሉ በበላይ ላሉት ባለ ሥልጣኖች ይገዛ" ሲል ከፊቱ የተቀመጡት ሽማግሌዎች ራሳቸው ሸማኔ ናቸው። አንዱ የማኅበሩ ተወካይ ሊሆን ይችላል። ሌላው ልጁ ታስሮበታል። ጥቅሱን ከሱ እኩል ያውቁታል፤ ሐዋርያት ሥራ 5፥29ንም ያውቃሉ፣ "ከሰው ይልቅ ለእግዚአብሔር ልንታዘዝ ይገባል" የሚለውን፣ አያቶቻቸው ሲገነጠሉ የተደገፉበት ሐሳብ ነውና። በሽማግሌዎቹ ጉባኤ ላይ ሰብሳቢው ቄሱ ነው፣ ግን ብቻውን አይወስንም።

በሌላ በኩል መንግሥት አለ። ቄስ መሆን ከእስር አያድንም ነበር። በ1793 ዳንዲ ውስጥ ቶማስ ፊሽ ፓልመር የሚባል የዩኒቴሪያን (ሥላሴን የማይቀበል ወገን) ቄስ የመምረጥ መብትን የሚጠይቅ አንድ ጽሑፍ አርሞ በማሳተሙ ተከሰሰ። ጽሑፉን ያረቀቀው ጆርጅ ሚልሜከር ነበር፣ ሙያው ሸማኔ። ፓልመር የሰባት ዓመት ግዞት ተፈርዶበት ወደ አውስትራሊያ ተላከ፣ ሲመለስ ጉዋም ደሴት ላይ በ1802 ሞተ። ሚልሜከርም ከጥቂት ዓመታት በኋላ በሌላ ክስ እዚያው ተጋዘ። በ1817 ደግሞ ኒል ዳግላስ የሚባል ግላስጎው የሚሰብክ ሽማግሌ ቄስ ፍርድ ቤት ቀረበ። ወንጀሉ ትንቢተ ዳንኤልን መስበኩ ነው። ንጉሥ ጆርጅ ሳልሳዊን ከናቡከደነፆር፣ ልጁን ከብልጣሶር ጋር አመሳስሏል ተባለ፤ ንጉሡ በዚያን ጊዜ አእምሮው ታውኮ ነበርና ነገሩ ነካቸው። ሰላዮች ስብከቱን ሲጽፉ ነበር። ፍርድ ቤቱ ነፃ ለቀቀው። ለአንድ ጀማሪ ቄስ ግን መልእክቱ ግልጽ ነው፦ እሑድ ከኋላ ወንበር እርሳስ ይዞ የተቀመጠው እንግዳ ማን እንደሆነ አይታወቅም።

በ1820 ነገሩ ፈነዳ። ሚያዝያ 1 ሌሊት በግላስጎውና በዙሪያው ግድግዳ ላይ ወረቀት ተለጠፈ፤ ጊዜያዊ መንግሥት ሊመሠረት ነው፣ ሥራ አቁሙ የሚል። ዕለቱ ቅዳሜ ነበርና ብዙ ሰው ያነበበው እሑድ ጠዋት ነው። 60,000 ያህል ሰው ሥራ አቆመ፣ አብዛኛው ሸማኔ። ጥቂቶች ብቻ መሣሪያ ይዘው ወደ ካረን ብረት ፋብሪካ አመሩ፣ መድፍ እናገኛለን ብለው። ሚያዝያ 5 ቀን ቦኒሚዩር ላይ ፈረሰኛ ጦር ከበባቸው። ጆን ቤርድና አንድሩ ሃርዲ፣ ሁለቱም ሸማኔዎች፣ መስከረም 8 ቀን ስተርሊንግ ላይ ተሰቅለው ሞቱ። ከዚያ ቀደም ብሎ ነሐሴ 30 ግላስጎው ላይ ጄምስ ዊልሰን ተሰቅሏል፣ የስትሬቨን ሰው፣ ዕድሜው ስድሳ የደረሰ። ሌሎች ወደ አውስትራሊያ ተጋዙ።

በዚያች እሑድ መድረክ ላይ የወጣውን ቄስ ቦታ ልብ በሉ። አመፁን ቢደግፍ ይታሰራል። ስም ቢጠቁም ከዚያ ቀን ጀምሮ ማንም አይሰማውም፣ ወንበሩም ባዶ ይቀራል። ዝም ቢል ደግሞ ሁለቱም ወገን ዝምታውን በየፊናው ይተረጉመዋል። ብዙዎቹ ያደረጉት ነገር ጀግንነት አይመስልም፦ ጸሎት፣ የታሰረን መጠየቅ፣ ለተራበ ቤት መዋጮ ማሰባሰብ፣ ጉልበተኛውን ጎረምሳ ለብቻ ጠርቶ መለመን። ፈሪዎች ነበሩ የሚላቸው ሰው አለ። የስኮትላንድን የድሆች ሕግ ሲያይ ግን ሐሳቡን የሚቀይር ይመስለኛል። በዚያ ሕግ መሠረት መሥራት የሚችል ጤነኛ ሰው ሥራ ቢያጣ እርዳታ የመጠየቅ መብት የለውም። ሽማግሌ፣ ሕመምተኛ፣ የሙት ልጅ ይረዳል። አርባ ዓመቱ የሆነ፣ አምስት ልጅ ያለው፣ ክር የተከለከለ ሸማኔ ግን በሕግ ዓይን ችግረኛ አይደለም። መዋጮ ያዥዋ ቤተ ክርስቲያን ያን ጊዜ የመጨረሻዋ በር ነበረች።

ፔዝሊ ላይ ይህ በትልቁ ታየ። ከ1841 እስከ 1843 ድረስ የሻሉ ገበያ ሲሞት ከ112 አምራቾች 67ቱ ከሰሩ። በሺህ የሚቆጠር ቤተሰብ በልመና ገንዘብ ኖረ። ንግሥት ቪክቶሪያ ገበያው እንዲነቃ ብላ የፔዝሊ ሻል ገዛች።

በዚያች ከተማ ነው ደመወዝን በተመለከተ የጀመርኩት ነገር ተገልብጦ የሚታየው። ፓትሪክ ብሩስተር ከ1818 ጀምሮ እስኪሞት ድረስ፣ ማለት እስከ 1859፣ የፔዝሊ ገዳመ ቤተ ክርስቲያን ቄስ ነበር። ሲሾም ሠላሳ ዓመት ገደማው። ሴሴደር አይደለም፣ የዋናዋ ቤተ ክርስቲያን ሰው ነው። ድሃው የመምረጥ መብት ይኑረው፣ የተራበ ይብላ፣ ሀብታሙ ይጠየቅ እያለ በግልጽ ይሰብክ ነበር። ቻርቲስት ከሚባሉት የመብት ጠያቂዎች ጋር ቆመ፤ በ1838 ታኅሣሥ ኤድንብራ ካልተን ኮረብታ ላይ በተደረገው ስብሰባ ትግሉ በቃልና በሕሊና እንጂ በጉልበት አይሁን የሚለውን ውሳኔ ያራመደው እሱ ነው። በዚህም ኃይል ይግባበት ከሚሉት ከነፊርገስ ኦኮነር ጋር ተጣላ። የገዛ ቤተ ክርስቲያኑም ከሳ ቀጣችው።

ይህን ያህል መናገር የቻለው ደፋር ስለሆነ ብቻ ነው? ድፍረቱ አይካድም። ግን ደመወዙን የሚያገኘው ሸማኔዎቹ ከሚከራዩት ወንበር አልነበረም፣ ከነጋዴዎቹም ኪስ አልነበረም። ለሸማኔው ጮክ ብሎ የተናገረው ሸማኔው ያልቀጠረው ቄስ ነው፤ ሸማኔው የቀጠረው ደግሞ ብዙ ጊዜ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነው የኖረው። የቅርበት ዋጋው ይሄ ይመስለኛል። ብሩስተር ለሕዝብ ይናገር ነበር። የሴሴደሩ ልጅ ግን የሚናገረው እያንዳንዱን በስሙ ለሚያውቃቸው፣ እነሱም የቤቱን ጭስ ማውጫ አይተው ምሳ መብላት አለመብላቱን ለሚያውቁ ሰዎች ነው።

ይህች መቀራረብ ልጁን በሌላም ታስጨንቀዋለች። አላገባም እንበል። ቤቱን እናቱ ወይም አንዲት ሽማግሌ ሠራተኛ ትይዝለታለች። ከየትኛዋ ልጅ ጋር መንገድ ላይ ቆሞ እንዳወራ ምሽቱን ከተማው ሁሉ ያውቃል። ከሌላው "ብርሃን" ወገን የሆነች ሴት ቢያይ ጉድ ይፈላል፤ ከከተማዋ ውጭ የሆነች፣ ዘመዶቿ የማይታወቁ ከሆነች ደግሞ ባሰ። የሽማግሌዎች ጉባኤ በሌላው ሰው ላይ የሚያደርገውን ምርመራ ፕሬስቢቴሪው በቄሱ ላይ ያደርጋል፣ በጽሑፍ ክስ፣ በምስክር።

ከዚያ በኋላ ያለው ቶሎ ያልፋል። አዲስ ብርሃኖቹ በ1820 ተዋሃዱ። ከድሮ ብርሃኖቹም አብዛኞቹ በየተራ ወደ ትልልቆቹ አብያተ ክርስቲያናት ገቡ። በ1843 ዋናዋ ቤተ ክርስቲያን ራሷ በዚያው በባላባት ሹመት ጉዳይ ተሰነጠቀች፤ ከ450 በላይ ቀሳውስት ቤታቸውንና ደመወዛቸውን ጥለው ወጡ። የባላባቱ መብት በሕግ የተሻረው በ1874 ነው። እስከዚያ ድረስ የእጅ ሽመናው ራሱ ሊጠፋ ደርሶ ነበር።

ሴሴደሮቹ ግን ስኮትላንድ ውስጥ ብቻ አልቀሩም። ብዙዎቹ በ1700ዎቹ አሜሪካ ገብተው ነበር። ዘሮቻቸው በ1858 ፒትስበርግ ላይ ተዋህደው የሰሜን አሜሪካ ዩናይትድ ፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያንን መሠረቱ። ይህች ቤተ ክርስቲያን የላከችው ሐኪም ቶማስ ላምቢ በ1919 ከሱዳን ተነስቶ ወለጋ፣ ሳዮ ገባ፤ የዛሬዋ ደምቢዶሎ። ከዚያ ሥራ የወጣችው የቤቴል ቤተ ክርስቲያን በ1947 ራሷን ቻለች፣ በ1974 ከመካነ ኢየሱስ ጋር ተዋሃደች። ከመጀመሪያዎቹ አገር በቀል ቀሳውስቷ አንዱ ዓይነ ስውሩ ቄስ ጊዳዳ ሶለን ነበሩ፣ የቀድሞው ፕሬዚዳንት የዶክተር ነጋሶ ጊዳዳ አባት።